ሰሚ ያጣ አእምሮ በመድረክ ላይ

ኖቬምበር 22 ቀን 1972 (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ኒውዮርክ በሚገኘው ሊንከን ሴንተር አንድ አዲስ ተውኔት ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። አዳራሹም መድረኩም ጨለማ ነው። ከመድረኩ ወለል ሁለት ሜትር ተኩል ያህል ከፍ ብሎ አንዲት ጠባብ ብርሃን በርታለች፤ ያረፈችውም በአንዲት ተዋናይት አፍ ላይ ብቻ ነው። ዓይን፣ ግንባር፣ እጅ አይታይም። የሚታየው ከንፈር፣ ጥርስና ምላስ ነው። አፉ ያለ ፋታ ይናገራል፤ የጀመረውን ዓረፍተ ነገር ሳይጨርስ ሌላ ይጀምራል፣ የተወውን መልሶ ያነሳል። ከመድረኩ ዳር ከራስ ፀጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ ጀለቢያ የለበሰ፣ ወንድ ይሁን ሴት የማይለይ አንድ ሰው ዝም ብሎ ቆሞ ያዳምጣል። መጋረጃው ሲወርድ አፉ ገና አልጨረሰም፤ ከመጋረጃው ጀርባ ማጉተምተሙን ይቀጥላል። የተውኔቱ ስም «እኔ አይደለሁም» ይባላል። ጸሐፊው ሳሙኤል ቤኬት ያኔ የ66 ዓመት ሰው ሲሆን የሥነ ጽሑፍ ኖቤልን ከተሸለመ ሦስት ዓመት ሆኖታል።

እንዲህ ያለ ሥራ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያይ ሰው «ይህ ደግሞ ምን ዓይነት ትያትር ነው?» ቢል አይፈረድበትም። ትያትር ሲባል ጀግናና ባላጋራ፣ ፍቅርና ክህደት፣ ውሎ አድሮም ፍርድ ወይም እርቅ እንጠብቃለን። እዚህ ግን ታሪኩ ተቆራርጧል፣ ገጸ ባሕሪዋ አካል የላትም፣ መጨረሻውም መጨረሻ አይመስልም። ስለዚህ ብዙ ሰው እንዲህ ያሉ ተውኔቶችን የምሁራን መራቀቂያ አድርጎ ይተዋቸዋል። እኔ የምለው ተቃራኒውን ነው። ስለ ብቸኝነትና ስለ አእምሮ መናወጥ የተጻፉት እነዚህ አጫጭር ሙከራዊ ተውኔቶች እንግዳ ቅርጽ የያዙት የሚያሳዩት ሕመም ራሱ ታሪክን ስለሚሰብር ነው። ታሪክ ተራኪ ብቻ ሳይሆን ሰሚም ይፈልጋል። ሰሚ ያጣ ሰው የራሱን ሕይወት ከመነሻው እስከ መድረሻው አሰካክቶ የሚናገርበት ምክንያት እያጣ ይሄዳል። ያንን ሰው መጀመሪያ፣ መካከልና መጨረሻ ባለው ልብ ወለድ ብናቀርበው ታሪኩ ያምራል፣ ስለ እሱ የምናውቀው ግን ሐሰት ይሆናል።

የቀደመው ትያትር የታወከ አእምሮ አሳይቶ አያውቅም ማለት አይደለም። ሎሬት ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ በመለሰው «ሐምሌት» ውስጥ ኦፊሊያ አባቷ ከተገደለ በኋላ አእምሮዋ ይናወጣል፤ እየዘፈነች አበባ ታድላለች። ነገር ግን ያንን ትዕይንት የምናየው በማን ዓይን እንደሆነ እናስተውል። ንጉሡ ያያታል፣ ንግሥቲቱ ታዝንላታለች፣ ወንድሟ ልቡ ይሰበራል፤ እኛም ከእነሱ ጋር ቆመን እናያታለን። እሷ ራሷ ዓለሙ እንዴት ሆኖ እንደሚታያት የምናውቅበት መንገድ የለም። ለዘመናት የአእምሮ ሕመም በመድረክ ላይ የቀረበው በዚህ መልክ ነው። ጤነኞች በዙሪያው ቆመው ይፈርዳሉ፣ ያዝናሉ ወይም ይፈራሉ፣ ታማሚው ግን መካከል ላይ ሆኖ የሚታይ ነገር ነው። ሃያኛው ክፍለ ዘመን ሲገባ አንዳንድ ጸሐፍት ይህን አቀማመጥ ለመገልበጥ ተነሱ። ተመልካቹን ከታማሚው ፊት አንስተው ከታማሚው ራስ ውስጥ ሊያስቀምጡት ፈለጉ።

ከቀዳሚዎቹ አንዱ ሩሲያዊው ኒኮላይ ኤቭሬይኖቭ ነው። መድረኩ ዓለምን በአንድ ገጸ ባሕሪ ስሜት ብቻ እንዲያሳይ የሚጠይቅ «ሞኖድራማ» የተባለ ሐሳብ አራመደ፤ በ1912 ሴንት ፒተርስበርግ ውስጥ የታየው አጭር ተውኔቱም ትዕይንቱን በአንድ ሰው ደረት ውስጥ አስቀመጠው። ልብ ይመታል፣ ነርቮች እንደ ክር ተወጥረዋል፣ ወደ አንጎል የሚያስደውል ስልክ አለ። የሰውየው ምክንያታዊ ማንነት፣ ስሜታዊ ማንነትና ከሁለቱ በታች የተኛው ሦስተኛው ማንነት በተለያዩ ተዋንያን ተወክለው ይጣላሉ። ጠቡ ሁሉ በሰውየው ሕይወት ውስጥ የግማሽ ሰከንድ ጉዳይ ነው። ሐሳቡ ለዘመኑ ደፋር ነበር። ሆኖም ተውኔቱ ሲጀመር አንድ ፕሮፌሰር ጥቁር ሰሌዳ ይዞ ይወጣና የምናየው ነገር ምን ማለት እንደሆነ በጠመኔ እየጻፈ ያስረዳል። ወደ ውስጥ ገባን ባልንበት ሰዓት አስተማሪው አብሮን ገብቷል፤ አስተማሪ ያለበት ቦታ ደግሞ ብቸኝነት የለም። ከግማሽ ክፍለ ዘመን በኋላ ቤኬት ያደረገው ዋና ነገር ፕሮፌሰሩን ከመድረክ ማስወረድ ነው።

ቤኬት ይህን ዓለም ከመጽሐፍ ብቻ አላወቀውም። በ1906 ደብሊን አጠገብ ፎክስሮክ ተወለደ። በ1933 አባቱ ሲሞት ሌሊት ሌሊት ልቡ እየዘለለ፣ ትንፋሽ እያጠረው በድንጋጤ ይነቃ ጀመር። አየርላንድ ውስጥ የሥነ ልቦና ሕክምና ስላላገኘ ወደ ለንደን ተሻግሮ በታቪስቶክ ክሊኒክ፣ በኋላ በሙያው ስመ ጥር በሆነው በዊልፍሬድ ቢዮን ዘንድ ሁለት ዓመት ያህል ታከመ። ቤትለም በተባለው ጥንታዊ የአእምሮ ሆስፒታል ሐኪም የሆነ ወዳጅ ስለነበረውም ሆስፒታሉን ገብቶ አይቷል፤ በ1938 የታተመው «መርፊ» የተሰኘ ልብ ወለዱ ዋና ሰው በእንዲህ ያለ ሆስፒታል የሚሠራ አስታማሚ ነው። በ1935 ቢዮን ታካሚውን ይዞ የሥነ አእምሮ ሐኪሙን የካርል ዩንግን ንግግር ሊሰማ ሄደ። ዩንግ ስለ አንዲት ልጅ ሲናገር ልጅቱ በሕይወት ብትኖርም በእውነት ተወልዳ አታውቅም የሚል ሐሳብ ጣል አደረገ። ይህ ሐሳብ ከቤኬት ጋር አርባ ዓመት ኖረ። በ1976 «የእግር ኮቴ» ብሎ በሰየመው አጭር ተውኔት ሜይ የተባለች ሴት በጠባብ የብርሃን ሰቅ ላይ ዘጠኝ እርምጃ ትሄዳለች፣ ትዞራለች፣ ዘጠኝ እርምጃ ትመለሳለች። የማትታየው እናቷ ከጨለማ ውስጥ ታናግራታለች። ብርሃኑ በየክፍሉ እየደከመ ይሄድና በመጨረሻ ሲበራ ሜይ የለችም፤ ባዶ ሰቅ ብቻ ነው። ዩንግ በአንድ ዐረፍተ ነገር ያለውን ቤኬት ያለ ማብራሪያ በእግር ኮቴ ድምፅ አሳየው።

የዚህ መንገድ ጥቅም ይበልጥ ግልጽ የሆነው በ1958 ለንደን ውስጥ በሮያል ኮርት ትያትር በታየው «የክራፕ የመጨረሻ ቴፕ» ነው። ክራፕ 69ኛ ዓመት ልደቱን ብቻውን የሚያከብር ሽማግሌ ነው። በየዓመቱ በልደቱ ቀን ስላለፈው ዓመት በቴፕ መቅረጽ ልማዱ ነው። ዛሬ ከሳጥን ውስጥ ፈልጎ የሚያዳምጠው በ39 ዓመቱ የቀረጸውን ነው። ያ የ39 ዓመት ሰው በራሱ የሚተማመን፣ ድምፁ የሚያስተጋባ፣ ከዚያ በፊት በወጣትነቱ በቀረጸው ቴፕ የሚስቅ ሰው ነው። አሁን ደግሞ ሽማግሌው በእሱ ይናደዳል። የያኔው ክራፕ በኩራት የተናገረውን አንድ ከባድ ቃል የዛሬው ክራፕ ስለረሳው መዝገበ ቃላት አምጥቶ ይፈልገዋል። የያኔው ክራፕ በባሕር ዳር ሌሊት የተገለጠለትን ታላቅ እውነት መተረክ ሲጀምር የዛሬው እየተራገመ ቴፑን ወደፊት ያሳልፈዋል፤ ልንሰማው የጓጓነውን ነገር ሳንሰማው ያልፋል። ደጋግሞ ወደ ኋላ እየመለሰ የሚሰማው በጀልባ ውስጥ ከአንዲት ሴት ጋር የተለያየበትን ጥቂት ደቂቃ ነው። በመጨረሻ ቴፑ ንግግሩን ጨርሶ በዝምታ ሲሽከረከር ክራፕ ፊት ለፊቱን እያየ ተቀምጦ ይቀራል።

እዚህ ላይ የቴፑ ጥቅም ምንድን ነው? ያኔ ቴፕ መቅረጫ ለአብዛኛው ሰው አዲስ ዕቃ ነበር፤ ቤኬትም የተዋናይ ፓትሪክ ማጊን ድምፅ በቢቢሲ ራዲዮ ሰምቶ ተማርኮ ለዚያ ድምፅ ብሎ ነው ተውኔቱን የጻፈው። ነገር ግን ሌላ ጸሐፊ ቢሆን ኖሮ ክራፕ ስለ ብቸኝነቱ ለጎረቤት ወይም ለአሮጌ ጓደኛ እንዲያወራ ያደርገው ነበር። ጎረቤት ከመጣ ደግሞ ብቸኝነቱ ያኔውኑ ያበቃል፤ የምንሰማው ስለ ብቸኝነት የተነገረ ወሬ እንጂ ብቸኝነቱን አይሆንም። ቤኬት ሰውየውን ከራሱ ሌላ አነጋጋሪ ነሣው፤ የራሱ የቀድሞ ድምፅም እንደ ባዕድ ሆኖ መጣበት። ብቻውን ብዙ ዘመን የኖረ ሰው የሚያጣው ሌሎችን ብቻ እንዳልሆነ፣ ከራሱም ጋር እየተራራቀ እንደሚሄድ ያሳየን ይህ የማሽንና የሽማግሌ ክርክር ነው። ቅርጹን ከተውኔቱ ላይ ብናነሳው ይህ እውቀት አብሮ ይጠፋል።

«እኔ አይደለሁም» ይህን ሐሳብ እስከ ዳር ገፋው። ከአፉ የሚወጣውን ቁርጥራጭ ስንገጣጥም የአንዲት ሰባ ዓመት ገደማ ያላት ሴት ሕይወት ይታያል። ያለ ቀኗ ተወልዳ በወላጆቿ የተተወች፣ ፍቅር ሳታይ ያደገች፣ ዕድሜዋን ሙሉ ከሞላ ጎደል ዝም ብላ የኖረች ናት። ገበያ ስትሄድ የሚፈለገውን በወረቀት ጽፋ ከአሮጌ ቦርሳዋ ጋር ትሰጣለች፤ ዕቃው ተሞልቶ እስኪመለስላት ቆማ ትጠብቃለች፤ ከፍላ አንድ ቃል ሳትተነፍስ ትወጣለች። ፍርድ ቤት ቆማ ጥፋተኛ መሆን አለመሆኗን ስትጠየቅም አፏ አልተከፈተም። አንድ የሚያዝያ ማለዳ ሜዳ ላይ አበባ ስትፈልግ ድንገት ብርሃኑ ጠፋባት፤ ጆሮዋ ውስጥ ጩኸት ተነሳ፤ ከዚያም የታፈነው የዕድሜ ልክ ቃል ሁሉ በአንድ ጊዜ ፈነዳ። የሚያሳዝነው ግን ቃሉ ከመጣም በኋላ ታሪኩ የራሷ መሆኑን አለመቀበሏ ነው። አንድ የማንሰማው ድምፅ «ይህ ያንቺ ታሪክ አይደለም ወይ?» የሚላት ያህል አምስት ጊዜ ትቋረጣለች፤ አምስት ጊዜም የሆነው ሁሉ በሌላ ሴት ላይ የደረሰ ነው ብላ ትሸሻለች። ጀለቢያ ለባሹ አድማጭ አራት ጊዜ እጆቹን ከጎኑ አንስቶ ይጥላቸዋል፤ ሊረዳት የፈለገና ያልቻለ ሰው አኳኋን ነው፣ ያውም እያደር እየደከመ የሚሄድ።

ይህ የጸሐፊ ቅዠት ብቻ እንዳልሆነ ከትያትር ውጭ የተገኘ ማስረጃ አለ። በ1950ዎቹ መጀመሪያ ካናዳ፣ ሞንትሪያል ባለው ማክጊል ዩኒቨርሲቲ በዶናልድ ሄብ መሪነት ተመራማሪዎች ለተማሪዎች በቀን 20 ዶላር እየከፈሉ፣ ያኔ ደህና ገንዘብ ነበር፣ ምንም ሳይሠሩ አልጋ ላይ እንዲተኙ ጠየቋቸው። ዓይናቸው ላይ ብርሃን እንጂ ቅርጽ የማያሳይ መነጽር፣ እጃቸው ላይ ጓንትና የካርቶን ቱቦ ተደረገ፤ ጆሯቸው የሚሰማው የማሽን እምምታ ብቻ ነበር። ለምግብና ለመጸዳጃ ካልሆነ አይነሱም። አብዛኞቹ ከሁለት ከሦስት ቀን በላይ አልቻሉም። መጀመሪያ ስለ ትምህርታቸው ያስቡ ነበር፤ ቀጥሎ አንድን ሐሳብ ይዞ መጨረስ አቃታቸው፤ ከዚያ የሌለ ነገር ማየት ጀመሩ። አንዱ ጆንያ በትከሻቸው ያንጠለጠሉ ሽኮኮዎች ሰልፍ ሠርተው ሲሄዱ አየ። ውጤቱ በ1954 ታተመ፤ ጤነኛ አእምሮም ከዓለምና ከሰው ሲነጠል ብዙ ሳይቆይ እንደሚናጋ አሳየ። ተዋናይት ቢሊ ዋይትሎም «እኔ አይደለሁም»ን በ1973 ለንደን ውስጥ ለማቅረብ ስትለማመድ በአካሏ ያንኑ ቀመሰች። ከአፏ በቀር ሌላው እንዳይታይ ዓይኗ ተሸፍኖ፣ ራሷ እንዳይነቃነቅ ተይዞ በጨለማ ስትቀመጥ አቅጣጫው ሁሉ ጠፋባት፤ በሕዋ ውስጥ የምትንከባለል መሰላት፣ ልምምዱም ተቋረጠ። ቤተ ሙከራውና መድረኩ በየራሳቸው መንገድ ሄደው አንድ ቦታ ተገናኝተዋል።

አጭርነታቸውም ከዚሁ የመጣ ነው። ቤኬት ስለ «እኔ አይደለሁም» ሲጽፍ ተውኔቱ በተመልካቹ ነርቭ ላይ እንዲሠራ እንጂ እያንዳንዱ ቃል እንዲገባው እንደማይጨነቅ ገልጿል። ነርቭ ላይ የሚሠራ ነገር ሦስት ሰዓት ሊቆይ አይችልም፤ ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ተመልካች ይደነዝዛል ወይም ራሱን ይከላከላል። በ1981 በአሜሪካ፣ ቡፋሎ ከተማ የታየው «እሹሩሩ» አንዲት አሮጊት በሚወዛወዝ ወንበር ላይ ተቀምጣ በቴፕ የተቀረጸ የራሷን ድምፅ ስትሰማ ያሳያል። ድምፁ እንደ እሷ ያለ ሌላ ሰው ፍለጋ ስትንከራተት እንደኖረች፣ ኋላ መስኮት ዳር ተቀምጣ በሌሎች መስኮቶች አንድ ፊት እንኳ ለማየት እንደጠበቀች፣ በመጨረሻም እናቷ በሞተችበት ወንበር ላይ እንደተቀመጠች ይናገራል። ድምፁ ሲቆም ሴትዮዋ «ተጨማሪ» ትላለች፤ አራት ጊዜ፣ በየጊዜው ድምፅዋ እየሳሳ። ወንበሩን የምታንቀሳቅሰው እሷ አይደለችም፤ በራሱ ይወዛወዛል። ከሩብ ሰዓት ያልበለጠው ይህ ሥራ የአንድ ዕድሜ ጥበቃን የያዘው ብዙ ስለተረከ ሳይሆን አንዱን እንቅስቃሴ እስክንታመምበት ስለደጋገመው ነው። በብቸኝነት ያለ ሰው ቀን ከቀን የማይለይበት ለምን እንደሆነ በማብራሪያ ሊነገረን ይችላል፤ በድግግሞሹ ግን አብረነው እንውላለን።

ከቤኬት በኋላ ይህን መንገድ እጅግ ከፍ ባለ ድፍረት የተከተለችው እንግሊዛዊቷ ሳራ ኬን ናት። «4፡48 ሳይኮሲስ» የተባለው የመጨረሻ ተውኔቷ በ2000 በሮያል ኮርት ሲታይ እሷ በሕይወት አልነበረችም፤ ከዓመት በፊት በ28 ዓመቷ ራሷን አጥፍታለች። ርዕሱ የሌሊት ሰዓት ነው፣ በእኛ አቆጣጠር ከሌሊቱ 10፡48። ጽሑፉ የገጸ ባሕርያት ስም የለውም፤ ስንት ተዋናይ እንደሚያስፈልግም አይናገርም። ቁጥሮች በገጹ ላይ ተበትነዋል። አእምሮን የሚመረምሩ ሐኪሞች የታካሚውን ትኩረት ለመለካት ከ100 ጀምሮ ሰባት ሰባት እየቀነሰ እንዲቆጥር ያዙታል፤ በተውኔቱ መጀመሪያ አካባቢ ቁጥሮቹ ተዘበራርቀው ይመጣሉ፣ ዘግይተው ግን 100፣ 93፣ 86 እያሉ ሳይዛነፉ ይወርዳሉ። ሐኪም ቢያየው ታካሚዋ ተሽሏታል ይል ይሆናል፤ ተውኔቱን የሚከታተል ሰው ግን ስሌቱ ሲስተካከል ተስፋዋ እንዳልተስተካከለ ያውቃል። የምርመራ ቅጽ ሊይዘው ያልቻለውን ነገር ሁለት የቁጥር ዝርዝሮች ያዙት። ሥራውን እንደ ስንብት ደብዳቤ ብቻ ማንበብ ስህተት ነው፤ ቃል በቃል የተመዘነ፣ የተሠራ ተውኔት ነው። እንዲህ አድርጎ የሚሠራ አእምሮ ሕመም ላይ ቢሆንም ጥበቡ የራሱ እንጂ የሕመሙ አይደለም።

በዚህ ሐሳብ ላይ የሚነሳው የመጀመሪያው ተቃውሞ «እነዚህ ሥራዎች ለተራ ሰው አይገቡም» የሚል ነው። ለዚህ ጠንካራው መልስ ከካሊፎርኒያ እስር ቤት የመጣ ነው። ኖቬምበር 19 ቀን 1957 ከሳን ፍራንሲስኮ የመጡ ተዋንያን የቤኬትን «ጎዶን ጥበቃ» በሳን ኩዌንቲን እስር ቤት 1,400 ለሚሆኑ እስረኞች አሳዩ። በአውሮፓ ከተሞች የተማሩ ተመልካቾች ግራ የተጋቡበትና ጥለው የወጡበት ተውኔት ነው። እስረኞቹ ግን ጸጥ ብለው ተከታተሉት፣ ገባቸውም፤ መጠበቅ ምን እንደሆነ ማንም ሊያስረዳቸው አያስፈልግም ነበር። ያን ምሽት አዳራሽ እንዲገባ ያልተፈቀደለት የዕድሜ ልክ ፍርደኛ ሪክ ክለቺ በድምፅ ማጉያ ሰምቶት ኖሮ በኋላ በእስር ቤቱ የትያትር ቡድን መሠረተ። «የክራፕ የመጨረሻ ቴፕ»ንም ተጫወተ፤ ከእስር ወጥቶ በ1977 በርሊን ላይ ራሱ ቤኬት አዘጋጅቶለት ክራፕን እስከ መሆን ደረሰ። ስለዚህ ትምህርት አይደለም የሚለየው። የሚለየው ተመልካቹ «ቀጥሎ ምን ይመጣል?» ብሎ መጠየቁን ለጥቂት ደቂቃ ትቶ «ይህ ሰው አሁን ምን ላይ ነው?» ብሎ ለመጠየቅ መፍቀዱ ነው።

«የአማርኛ ተመልካች ታሪክና ጨዋታ ስለሚወድ አይቀበለውም» የሚለው ተቃውሞም እንዳለ መወሰድ የለበትም። በበረከት በላይነህ ተጽፎ ግሩም ዘነበ ብቻውን የተጫወተው «እያዩ ፈንገስ» እብድ የሚባል አንድ ሰው ብቻውን መድረክ ይዞ ሲናገር ተመልካች ተቀምጦ እንደሚሰማ አሳይቷል። እርግጥ ልዩነት አለ። እያዩ ሌላው የማይደፍረውን እውነት የሚናገር እብድ ነው፤ ንግግሩ ወደ ኅብረተሰቡ የሚወረወር፣ የሚያስቅም የሚነካም ነው። የቤኬት አፍ ግን ለኅብረተሰቡ የሚል ምንም የለውም፤ የገዛ ራሱን ታሪክ እንኳ መያዝ አቅቶታል። የመጀመሪያው እብደትን የነጻ ንግግር ፈቃድ ያደርገዋል፤ ሁለተኛው ንግግሩ ራሱ ሲፈርስ ያሳያል። የአማርኛ መድረክ የመጀመሪያውን በሚገባ ያውቀዋል። መነባንብንና የአንድ ሰው ተውኔትን የለመደ ተመልካች ሁለተኛውን ለመስማት መሠረቱ አለው፤ የሚጎድለው ንግግሩ መልእክት እንዲሆን ሳያስገድዱ በአጭሩ የሚጽፉና የሚያዘጋጁ ደፋሮች ናቸው።

ከሁሉ የሚከብደው ሦስተኛው ተቃውሞ ነው፦ የታመመን ሰው ሥቃይ መድረክ ላይ ማውጣት ሕመሙን ያስጌጠዋል፣ የታመመውን ያጋልጠዋል፣ ያዘነውንም ይጎዳዋል። ይህ ስጋት እውነት አለው፤ ሊታለፍም አይገባም። እነዚህ ተውኔቶች የሕክምና መማሪያ አይደሉም፤ የአእምሮ ሕመም ያለበት ሰው ሁሉ እንደ አፉ አይናገርም፣ አብዛኛውም ሥራውን ይሠራል፣ ቤተሰቡን ይመራል። የኬን ዓይነት ሥራ ሲቀርብም ተመልካቹ ምን እንደሚያይ አስቀድሞ ሊነገረው፣ በጭንቅ ላይ ላለ ሰውም ከአዳራሹ ውጭ የሚያናግረው ባለሙያ መኖሩ ሊታሰብ ይገባል። ነገር ግን ሕመምን የሚያስጌጠው የትኛው እንደሆነ ደግመን እናስብ። በተለመደው ፊልምና ድራማ ውስጥ አእምሮው የታወከ ሰው ወይ አስፈሪ ገዳይ ነው፣ ወይ ሳቅ መፍጠሪያ ነው፣ ወይ በመጨረሻው ክፍል በአንዲት እንባ የሚድን ነው። ሦስቱም ውሸት ናቸው፤ ሦስቱም ተመልካቹ ከታማሚው በላይ ሆኖ እንዲቀመጥ ይፈቅዱለታል። «እኔ አይደለሁም» ያንን ወንበር ይነሳል። የምንስቅበት፣ የምንፈራው ወይም የምናድነው ሰው አይሰጠንም፤ የሚቀርብልን ለማዳመጥ የሚያስቸግር ድምፅና የማዳመጥ ግዴታ ብቻ ነው።

የሰው ልጅ ብቻውን ሲቀር ምን እንደሚሆን ሕግም ያውቃል። በ2015 የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ያጸደቃቸው፣ በኔልሰን ማንዴላ ስም የተጠሩት የእስረኞች አያያዝ ደንቦች አንድን ሰው በቀን 22 ሰዓትና ከዚያ በላይ ትርጉም ያለው የሰው ግንኙነት ሳያገኝ ከ15 ተከታታይ ቀናት በላይ ለብቻው ማሰርን ይከለክላሉ። ሕጉ የሚቆጥረው ሰዓትና ቀን ነው፤ ሊቆጥርም ይገባዋል። በዚያ ሰዓት ውስጥ አእምሮ ምን እንደሚሆን፣ ከእስር ቤት ውጭም በጎረቤትና በዘመድ መካከል ሆኖ ማንም ሳያናግረው የሚኖር ሰው ውስጡ ምን እንደሚመስል ግን ደንብ ሊነግረን አይችልም። የሙከራዊው አጭር ተውኔት ሥራ ይህ ነው። ሰው ለሰው መድኃኒቱ ነው እንላለን፤ መድኃኒቱ የሚጀምረው ግን በመስማት ነው፤ መስማትም ልምምድ ይፈልጋል። ሥርዓት የሌለው፣ ተደጋጋሚ፣ መጨረሻ የሌለው ንግግር ሲያጋጥመን ብዙዎቻችን እናቋርጣለን፣ እንመክራለን ወይም ጥለን እንሄዳለን። እነዚህ ተውኔቶች ሩብ ሰዓት ሳናቋርጥ፣ ሳንመክርና ሳንሸሽ እንድንቀመጥ ይጠይቁናል። የቅርጻቸው እንግዳነት የመጣው ሥቃይን ለእኛ በሚያመች መልክ አስተካክለው ለማቅረብ እምቢ ስላሉ ነው። ተመልካቹም መጀመሪያ ግራ ቢጋባና ቢሰለቸው ሥራው አልከሸፈም፤ አንድ ጤነኛ ሰው ከተናወጠ አእምሮ ጋር ቁጭ ሲል መጀመሪያ የሚሰማው ይኸው ነው፣ መስማት የሚጀመረውም ያንን ታግሶ ሲያልፉ ነው።